የፈረስ መጋላው ውጭ ጉዳይ ሚኒስትር

በየሰፈሩ አንድ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር አለ። የሾመው የለም፣ የሚሽረውም የለም። ደመወዝ አይከፈለውም፣ መኪና አይመደብለትም፣ መሥሪያ ቤቱ አንዲት ሬዲዮ ናት። ግን ቱርክና ግሪክ ሲኮራረፉ ቀድሞ የሚሰማው እሱ ነው፤ ሁለት መሪዎች ሲጨባበጡ ማን የማንን እጅ ጠበቅ አድርጎ እንደያዘ የሚያውቀውም እሱ ነው። እናንተም ሰፈር አለ፤ ይኸው ስሙ አፋችሁ ላይ መጣ። የኛው ግን፣ አትቀየሙን እንጂ፣ የሁሉም የበላይ ነበሩ።

ክቡርነታቸው አቶ እንደሻው ይባላሉ። የተቀጠሩት ጂኦግራፊ ለማስተማር ነው። ከመንዝ ተመድበው ሐረር ሲመጡ "ለጊዜው ነው" ብለው ነበር፤ ጊዜው አላልቅ አለና ጽጌሬዳን አገቡ። ጽጌሬዳ የሐረር ልጅ ናት። ቅድመ አያቷ በምኒልክ ዘመን ከሸዋ ዘምቶ የቀረ ነው፤ እሷ ግን የሐረሪዎቹን አደርኛም ኦሮምኛውንም እያጣቀሰች የምታወራ፣ የጀጎል ግንብ ውስጥ ሰው ሆናለች። ቤታቸው ከፈረስ መጋላ አደባባይ ቁልቁል በሚወርደው ቀጭን መንገድ ላይ ነው። የሰፈሩ ሰው "እንደሻው" የሚል ስም አያውቅም፤ መንገድ ለጠፋው እንግዳ "የሚኒስትሩ ቤት በልና ጠይቅ" ይለዋል።

ምሽት የዜና ሰዓት ሲደርስ በዚያ ቤት ሥርዓት ነበረ። መጀመሪያ የጽጌሬዳ ስፌት መኪና ጸጥ ይላል። የሙሽራ ቀሚስ ይሁን የወታደር ሱሪ፣ ነገ ይደርሳል የተባለም ቢሆን፣ መርፌው ጨርቁ ላይ እንደተሰካ ይቆማል። ከዚያ ክቡርነታቸው ጋቢያቸውን አውልቀው ካፖርታቸውን ይለብሳሉ። ወፍራም ግራጫ ካፖርት ነው፤ ጽጌሬዳ ዓይኗ እስኪፈዝ የሰፋችው፣ ገበሩ ቀይ ሳቲን፣ ቁልፎቹ የቀንድ። "ዓለምን በጋቢ አይቀበሏትም" ይላሉ፤ ቁልፋቸውን እስከ አንገታቸው ይቆልፉና የሬዲዮዋን ጆሮ ያዞራሉ። ሙቀት ቢሆን፣ ላብ በላብ ቢሆኑ፣ ዜናው ሳያልቅ ቁልፍ አይፈታም።

በባልና ሚስት መካከል ቅያሜ ሲገባ ደግሞ እንደ ሌላው ሰው ማኩረፍ የለም። "ከዛሬ ጀምሮ ግንኙነታችን ከአምባሳደር ወደ ጉዳይ ፈጻሚ ደረጃ ዝቅ ብሏል" ብለው ያስታውቃሉ።

"ጉዳይ ፈጻሚው እንግዲህ እራቱን ራሱ ያሙቅ" ትላለች ጽጌሬዳ።

ሁለት አባባል ነበራቸው፤ አንዱ "ምን ነበር ያልኩት?" ነው። ነገሩ እንዳሉት ቢሆን "ምን ነበር ያልኩት?"፣ እንዳሉት ባይሆንም "ምን ነበር ያልኩት?" ነው። ራሺያ ሶማሊያን ትታ የትም አትሄድም ብለው ፈረስ መጋላ ካፌ ቁጭ ብለው ማሉ። ራሺያ ሶማሊያን ትታ ወደኛ መጣች። ክቡርነታቸው በማግስቱ ብቅ አሉና "ምን ነበር ያልኩት?" አሉ።

"ኧረ አንተ ሰው፣ ያልከው እኮ ተቃራኒውን ነው" አለች ጽጌሬዳ።

"ጥቅሟን ተከትላ ነው የምትሄደው አልኩ ወይስ አላልኩም?"

ሁለተኛው አባባላቸው "ሃይማኖት ፓስፖርት የለውም" የሚል ነው። እሳቸው ራሳቸው እሑድ እሑድ መድኃኔ ዓለም ከቅዳሴ አይቀሩም፤ ሁዳዴን እንደ ቄስ ይጾማሉ። ግን ሃይማኖትም፣ ሥነ ምግባርም፣ ቃል መጠበቅም ለጎረቤት ነው ይላሉ። ኬላ ላይ ይቀራሉ። ከኬላ ወዲያ ጥቅም ብቻ ነው፤ መንግሥታት ይተቃቀፋሉ እንጂ አይዋደዱም። ይህን ለፀጉር አስተካካዩ፣ ለቄሱ፣ ለታክሲ ነጂው ነግረዋል። ለቅሶ ቤትም አይቀርላቸውም። አሰፋ የሚባለው የቀድሞ ተማሪያቸው፣ አሁን የቀበሌው አብዮት ጥበቃ አለቃ፣ ወንድሙ በጅጅጋ ግንባር ወድቆ ሐዘን የተቀመጠ ቀን፣ ክቡርነታቸው ከድንኳኑ ማዶ ጥግ ይዘው አሜሪካ መሣሪያ የከለከለችን ለምን እንደሆነ አብራሩ። ጽጌሬዳ በነጠላዋ ሥር ጭናቸውን ብትቆነጥጣቸው "ቆይ፣ ዋናው ነገር ገና ነው" አሏት። አሰፋ ከፊት ሆኖ አንገቱን እንደደፋ ሲሰማ አየችውና በኀፍረት የምትገባበት አጣች።

ይህን ሁሉ የሚችሏቸው አንድ ሰው ብቻ ነበሩ፤ አው ዩሱፍ። ሐረሪዎች ትልቅን ሰው "አው" ብለው ነው የሚጠሩት። አው ዩሱፍ መጽሐፍ ጠራዥ ናቸው፣ ቁርኣን በቆዳ የሚደጉሱ፤ ግቢያቸው ከሚኒስትሩ ግቢ ጋር በአንድ ግንብ የተለየ፣ ግንቡም ላይ ትንሽ በር ያለው። ከሰዓት በኋላ ክቡርነታቸው በዚያች በር ጎንበስ ብለው ይገቡና ከቀዩ መደብ ላይ ይቀመጣሉ። የአው ዩሱፍ ባለቤት እትዬ አይሻ በወተት የፈላ የቡና ቅጠል ያቀርባሉ። ጉባኤው ይከፈታል።

"ሃይማኖት ፓስፖርት የለውም፣ አው ዩሱፍ።"

"ስለማያስፈልገው ነዋ!" ይላሉ ሽማግሌው፣ ጫታቸውን እየቀነጠሱ። "አንተ ሚኒስትር፣ ነጃሺ የነቢዩን ሰዎች ሲቀበል ምን ጥቅም ነበረው? ጠላቶቻቸው ከመካ ስጦታ ጭነው መጡ፣ 'ሰዎቻችንን ስጠን' አሉት። ስጦታውን መለሰ፣ ሰዎቹን አልመለሰም። በል፣ ይህ ምንድን ነው?"

"ቀይ ባሕር ነው። የቀይ ባሕር ንግድ።"

"ሱብሃነላህ! እግዜር የፈራ ንጉሥ አይተህ አታውቅም?"

"ሃይማኖት ድንበር የሚሻገረው ጎራዴ ታጥቆ ነው። የናንተ አያቶች ወደኛ እንደዚያ መጡ፣ የኛ አያቶችም ወደናንተ እንደዚያው መጡ። እኔና እርስዎ እዚህ መደብ ላይ የተቀመጥነውም በዚያ ነው።"

አው ዩሱፍ ይህን አይክዱም፤ ውሸት አይደለምና። ግን "ጎራዴም ይሻገራል፣ ስደተኛም ይሻገራል። አንተ ጎራዴውን ብቻ ነው የምትቆጥረው" ይላሉ። ጽጌሬዳ ከበሩ ወዲህ ስፌቷን ይዛ ስትሰማ፣ ለአው ዩሱፍ ታደላ ነበር። ግን ማን ጠይቋት?

ከዚያ ጦርነቱ ሬዲዮ ውስጥ መቀመጥ ሰለቸው፤ በ1970 ዓ.ም. ኅዳር ላይ ራሱ ሐረር ደጃፍ ደረሰ። መድፍ ከጋራው ማዶ ያጉረመርማል፣ ግንቡ ውስጥ ሣህን ይንቀጠቀጣል። ሰርጎ ገብ ገባ፣ ሰርጎ ገብ ተያዘ የሚል ወሬ ነበር ጧትና ማታ። የተያዘው ሁሉ የት እንደደረሰ ጮክ ብሎ የሚጠይቅ አልነበረም። ሶማልኛ የሚችል ሐረሪ ነጋዴ ሁሉ ምላሱን ሰበሰበ። ክቡርነታቸው እንኳ ዜናውን ድምፅ ቀንሰው ይሰሙ ጀመር።

እንግዲህ አንድ ማለዳ ነው። እትዬ አይሻ ከበሩ ኋላ ሆነው ኮቴ ይሰማሉ። ወተት ይዛ የምትመጣው ፋጡማ በዚያች ሰዓት ነው የምትደርሰው። ሐረሪ በር ላይ ሰው ሲሰማ የሚለው አንድ ነው፤ ደህና ናችሁ ለማለት፣ ግቡ ለማለት፣ እንዴት አደራችሁ ለማለት "አማን" ነው። እትዬ አይሻም መወርወሪያውን እየሳቡ "አማን፣ አማን፣ ግቢ" አሉ።

የገባችው ፋጡማ አልነበረችም። ጢሙ ያደገ፣ የሶማሊያ ጦር ልብስ የለበሰ፣ አንድ እግሩን የሚጎትት ጎልማሳ ነው። ደፉ ላይ በግንባሩ ተደፋና የእትዬ አይሻን ቀሚስ ጫፍ ያዘ።

ትንሿ የግንብ በር ተንኳኳች። ጽጌሬዳ ብትከፍት አው ዩሱፍ ናቸው፣ ፊታቸው እንደ አመድ። "አንተ ሚኒስትር!" አሉ ወደ ውስጥ። "ና። እንግዳ አለን።"

አው ዩሱፍ በሶማልኛ ጠይቀው እንዳወቁት ሰውየው ዋርሳሜ ይባላል፤ የጭነት መኪና ሹፌር ነው። ከከተማው ውጭ መኪናው ተመትቶ፣ ሁለት ቀን ተሳቦ፣ ውኃ ፍለጋ ሌሊት ጅቦች በሚገቡባት የከተማው ግንብ ቀዳዳ ሾልኮ ነው የገባው። መሣሪያም የለው። ክቡርነታቸው ቆመው አዩት። ጽጌሬዳም ከኋላቸው አየችው፤ አንጀቷን በላው፣ ደግሞም ጠላችው። እዚያ ማዶ የሚተኩሱት የእሱ ሰዎች ናቸው።

"እንጠቁመው" አለች። "እንጠቁመው እንጂ፣ ኋላ እኛኑ ነው የሚረሽኑን።"

"አይሆንም፣ ልጄ" አሉ አው ዩሱፍ። "አይሻ አማን ብላዋለች።"

"እኔ እኮ ፋጡማ መስላኝ ነው!" ብለው አለቀሱ እትዬ አይሻ።

አው ዩሱፍ መደቡ ላይ ተቀመጡ። "በኛ ሸሪዓ አማን ሰላምታ ብቻ አይደለም። ጠላት አማን ተብሎ ከገባ ደሙ የተጠበቀ ነው። ሴትም ትበለው፣ ደሃም ይበለው፣ አንዱ ካለው ለሁላችንም ግዴታ ነው። እሱም ያንን ያውቃል። ሰምቶ ነው የገባው።"

ክቡርነታቸው ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "አው ዩሱፍ፣ በስሕተት የተፈረመ ውል በዓለም አቀፍ ሕግ ፈራሽ ነው።"

"ቃሉ በስሕተት ወጣ። እሱ ግን በስሕተት አላመነም።"

ጽጌሬዳ ባሏን ታውቃለች፤ አሁን ቀይ ባሕርን ያመጣሉ ብላ ጠበቀች። እሳቸው ግን ሰውየውን እያዩ፣ ለራሳቸው እንደሚያወሩ ሁሉ፣ "አማን በግዕዝም አለ" አሉ። "ልጅ ሆኜ ቄስ ትምህርት ቤት ነው የተማርኩት። እውነት ማለት ነው።"

"እንግዲያማ" አሉ አው ዩሱፍ። ሌላ አልጨመሩም።

"መደበቅ አይቻልም" አሉ ክቡርነታቸው ድንገት፣ የክፍል ድምፃቸው ተመልሶ። "ብንደብቀው አገር መክዳት ነው። ለቀበሌ ብንጥለው ቃል መክዳት ነው። ምርኮኛ ነው። ከከተማው መግቢያ፣ ሸዋ በር ከሚገኘው ጦር እጅ ለእጅ እናስረክበዋለን፣ በሕይወቱ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ ሰው እያየ።"

የታሰበው እንዲያ ነበር። ይሁንና እውነተኛዋ ፋጡማ ወተቷን ይዛ ደረሰች፤ ደጃፉ ላይ ደም አየችና ጩኸቷን ለቀቀችው። የቀበሌው ጥበቃዎች በሩን በሰደፍ መቱት። በሩ ተከፈተ፤ አሰፋ ነው። ከሁሉም አሰፋ!

ሰውየውን አየና ጠብመንጃውን አቀባበለ። "ጋሼ፣ ገለል ይበሉ።"

ክቡርነታቸው መሃል ገቡ። "አሰፋ፣ ይህ ሰው የጦር ምርኮኛ ነው። የጄኔቫ ስምምነት የሚባል አለ።"

"ጄኔቫ ከኤረር በር ወዲህ ነች ወዲያ?" አለ ከኋላ አንዱ ጥበቃ። ሌሎቹ ሳቁ። አሰፋ አልሳቀም።

"እነሱም ዘንድ የኛ ልጆች ተማርከዋል" አሉ ክቡርነታቸው። "ይህን ብትገድል እነዚያን ይገድላሉ። ጥቅማችን አይደለም! ጥቅም፣ አሰፋ፣ እኔ አስተምሬህ የለም?"

"ወንድሜ አልተማረከም፣ ጋሼ። ሞቷል። ለሞተ ሰው ምን ጥቅም አለ?"

ጽጌሬዳ ካገባቻቸው ጀምሮ ሚኒስትሩ መልስ ሲያጡ ያየችው ያን ቀን ነው፤ እሱም ከጠብመንጃው ይልቅ አስፈራት። እጃቸው ወደ ሸሚዛቸው አንገት ሄደ። ከውስጥ ማተባቸውን አወጡ፤ በዚያ ዘመን ማንም ጥበቃ ፊት የማያወጣውን ጥቁር ክር።

"ለቅሶህ ላይ ተቀምጬ ስለ አሜሪካ ነበር ያወራሁት" አሉ። "ይቅር በለኝ። ስለ ወንድምህ ነበር መጠየቅ የነበረብኝ። ልጄ፣ ወንድምህ ሲወድቅ አጠገቡ የነበረው ሰው ውኃ ሰጠው ወይ? እኔ አላውቅም። አንተም አታውቅም። እናትህም አያውቁም፤ እንቅልፍ የሚነሳቸውም እሱው ነው። የዚህን ሰውዬ ግን እናውቃለን። እትዬ አይሻ በር ላይ ወደቀ። አማን አሉት፣ ውኃ ሰጡት። እሳቸው በሃይማኖታቸው ቃል ሰጡ፣ እኔም ቃላቸውን በማተቤ ተቀብያለሁ። የሱም እናት አንድ ቀን ትጠይቅ ይሆናል። ምን ብለን እንንገራት?"

ከጋራው ማዶ መድፍ አጉረመረመ፣ ቆመ። አሰፋ ፊቱ እንደ ሕፃን ተጨማደደ፤ እንባው ጢሙ ላይ ወረደ። የካኪ ሸሚዙን ቁልፍ በንዴት ፈታና የራሱን ማተብ አሳያቸው።

"እርስዎ ብቻ ነዎት ማተብ ያለዎት?" አላቸው። "እኔ ነኝ የማደርሰው። እኔ ራሴ።"

ግን እንዴት ይደርሳል? ያ የጠላት ልብስ ፈረስ መጋላ ላይ ከታየ በድንጋይ ነው የሚወርዱበት። ክቡርነታቸው ዘወር ብለው ጽጌሬዳን አዩ። ሄዳ ካፖርቱን ከሚስማሩ አወረደች። ቅር ብሏታል፣ በእውነት ቅር ብሏታል፤ እንደዚያ ያለ ሥራ ዳግም አልሠራችም። ለሰውየው አለበሰችው፤ ምሽት ምሽት ባሏ እንደሚያደርጉት የቀንድ ቁልፎቹን አንድ በአንድ እስከ አንገቱ ቆለፈችለት። በሶማልኛ የምትለው ስላልነበራት ለባሏ ነገረቻቸው።

"እኔ የሰፋሁት አይቀደድም። ሰውየው ከተረፈ ካፖርቱም ይተርፋል።"

ወጡ። አሰፋ ከፊት፣ አው ዩሱፍ በቀኝ፣ ክቡርነታቸው በግራ፣ ዋርሳሜ መሃላቸው እያነከሰ። ጽጌሬዳ ነጠላዋን አጣፍታ ከኋላ። ፈረስ መጋላ ሲደርሱ ካፌው በር ላይ የተቀመጡት ሁሉ ቀና አሉ።

"ሚኒስትሩ! በማለዳ ከማን ጋር ነው?" አለ አንዱ።

ክቡርነታቸው እርምጃቸውን ሳያጓድሉ "የውጭ አገር ልዑክ ናቸው" አሉ። "ሥራ ላይ ነኝ።"

ሰው ሳቀ፤ የለመደው ቀልድ ነው። በሳቁ መሃል አለፉ። ከዕድሜ ልካቸው ቀደዳ ይህቺ አንዷ እውነት ነበረች።

ሸዋ በር የተገኘው መቶ አለቃ ምርኮኛውን ተቀበለ። ክቡርነታቸው ስሙን ጮክ ብለው ተናገሩ፣ ሰው ሁሉ እንዲሰማ። "ዋርሳሜ። ሹፌር። ቁስለኛ። በሕይወት ያለ።" ሰውየው መኪናው ላይ ሲጭኑት ዞሮ "አማን" አለ። አው ዩሱፍ ሊመልሱ አፋቸውን ሲከፍቱ ክቡርነታቸው ቀደሟቸው። "አማን" አሉት። ከዚያ በፊት ያን ቃል ለሰላምታ ሲያወጡት ጽጌሬዳ ሰምታ አታውቅም።

ነገሩ በዚህ አላበቃም። ቀበሌ ስብሰባ ጠራቸው፤ ሂስና ግለሂስ። አብዮት ጥበቃ ፊት ማተብ ለምን አወጡ ተባሉ። ክቡርነታቸው ተነሥተው ከናፖሊዮን ጀመሩ። ስዊዘርላንድ ሲደርሱ ሊቀ መንበሩ ሰዓቱን አየ፤ አረብ አገሮች ሲደርሱ "ይበቃል፣ ይቀመጡ፣ ጓድ መምህር፣ ይሂዱ" አላቸው። መቀመጥና መሄድ ባንድ ጊዜ እንዴት ይሆናል ብለው ሊጠይቁ ሲሉ ጽጌሬዳ ጎትታ አወጣቻቸው። በመንገድ ላይ ሳቋ አልቆም አለ።

ከዚያ በኋላ አው ዩሱፍ "ነጃሺ" ይሏቸው ጀመር። ክቡርነታቸው ይቆጣሉ። "ጥቅም ነው ያደረግሁት! ምርኮኛ በምርኮኛ ይለወጣል፣ ስሌት ነው" ይላሉ። "ሃይማኖት ፓስፖርት የለውም" የምትለዋ ግን ከአፋቸው ጠፋች። እትዬ አይሻም በር ላይ "አማን" ሲሉ ክቡርነታቸው ከግንቡ ወዲህ ሆነው ይጮኻሉ። "ለማን ነው? እትዬ አይሻ፣ መጀመሪያ አይተው ይበሉ! ሌላ ካፖርት የለኝም!" ከዚያ ወዲያ ዜናን በጋቢ ሰሙ። ጽጌሬዳ ሌላ ልስፋልህ ስትላቸው ዛሬ ነገ ይሏታል። አንዳንድ ማታ ዜናው አልቆ ሬዲዮዋ ሲያፏጭ አይዘጓትም፤ "ዋርሳሜ ማለት በሶማልኛ መልካም ወሬ ማለት ነው፤ ታውቂ ኖሯል?" ይሏታል። ደጋግመው ነግረዋታል። እሷም በየጊዜው እንደ አዲስ ትሰማቸዋለች።

አው ዩሱፍ አረፉ። ክቡርነታቸው ጡረታ ወጡ። ቀዩ መደብ ላይ የሚከራከራቸው ጠፋ፤ የጥቅምን ነገር ሲያነሡ "አይደለም" የሚላቸው የለም፣ እሳቸውም ነገሩ ጣዕም አጣባቸው። በ1980 ዓ.ም. ሁለቱ መንግሥታት ታረቁና ምርኮኛ ሊለዋወጡ ነው ተባለ። ጽጌሬዳ "ምን ነበር ያልኩት?" እስኪሉ ጠበቀች። አላሉም። "ይኖር ይሆን?" ብቻ አሉ፣ ወደ ግድግዳው ሚስማር እያዩ።

ነሐሴ ላይ አሰፋ ብቅ አለ። ጥበቃነቱን ከተወ ቆይቷል፤ በድሬዳዋ መስመር ጭነት መኪና ይነዳል። ገና ሳይቀመጥ ጀመረ።

"ጋሼ፣ ድሬዳዋ አውሮፕላን ማረፊያ በር ላይ ቆሜ ነበር። ምርኮኞቹን ሲያሳፍሩ። የድሬን ሙቀት ያውቁታል። አንድ ሽማግሌ በዚያ ሐሩር እስከ አንገቱ ቆልፎ፣ ወፍራም ካፖርት ለብሶ ይሄዳል። ወታደሮቹ ይስቁበታል። ክርኖቹ ላይ ጆንያ ጥፎበታል።"

ክቡርነታቸው ባዶውን ሚስማር አዩ።

"ያነክሳል?" አሉ።

"ያነክሳል። አያስጠጉም፣ ጋሼ። ከአጥሩ ሆኜ 'አማን!' ብዬ ጮኽኩ። ዞረ። እጁን እዚህ ላይ አደረገ፣ ቁልፉ ላይ። ከዚያ ወደ ደረጃው ወጣ።"

ክቡርነታቸው ጋቢያቸውን ወደ ፊታቸው ሳቡ፤ ትከሻቸው ብቻ ይንቀሳቀሳል። ጽጌሬዳ ይህን ጭንቅላታቸው ዓለምን የዞረ፣ ራሳቸው ግን ሐረር ከገቡ ወዲህ ወጥተው የማያውቁ ሰውዬ አየቻቸው፤ ያን ያህል ወድዳቸው እንደኖረች እንዴት ሳትነግራቸው እንደቀረች ገረማት። ስፌት መኪናዋን አቆመች። የዜና ሰዓት አልደረሰም ነበር።

"ምን ነበር ያልኩት?" አለቻቸው።